አንድ ፊልም በሦስት ቋንቋ፦ እናቴና የእህቴ ልጆች አብረው እንዲያዩ በሕጋዊ መንገድ ምን ላድርግ?

የቀሃ ልጅ (ጎንደር)

ሰላም ለእናንተ ይሁን። ጉዳዬ ትንሽ ስለሚረዝም በትዕግሥት እንድታነቡልኝ እጠይቃለሁ። የእህቴ ልጆች፣ የ12 ዓመት ሴትና የ9 ዓመት ወንድ፣ ክረምቱን ከእኛ ጋር ሊያሳልፉ ከእስራኤል መጥተዋል። ቋንቋቸው ዕብራይስጥ ነው፤ አማርኛቸው ከ«እንደምን አደራችሁ» እና ከ«ጠገብኩ» ብዙም አያልፍም። እናቴ 78 ዓመቷ ነው። ከአማርኛ በቀር የምትሰማው ቋንቋ የለም፤ ዓይኗንም ሞራ ስለጋረደው የሰውና የፈረስ እንቅስቃሴ ትለያለች እንጂ ከቴሌቪዥን ላይ ፊደል ማንበብ አትችልም። የጎንደር ክረምት እንደምታውቁት ከቤት አያስወጣም፤ ከሰዓት በኋላ ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ሁላችንም አንድ ክፍል ውስጥ ነን። ልጆቹ በአንደኛው ጥግ ስልካቸው ላይ አቀርቅረዋል፣ እናቴ በሌላው ጥግ ሬዲዮዋን ትሰማለች። ምኞቴ አንድ ፊልም አብረው እንዲያዩ ብቻ ነው።

እህቴ ሦስት ኦሪጂናል ዲቪዲ ልካለች፤ ሽፋናቸው ላይ ዕብራይስጥ፣ እንግሊዝኛና ሩሲያኛ ድምፅ እንዳላቸው ተጽፏል። እዚህ የገዛነው ማጫወቻ ግን ዲስኩ በገባለት ቁጥር ስለ ክልል የሚናገር ማስጠንቀቂያ አውጥቶ መልሶ ይተፋዋል። አንድ ፊልም የሚጭን ልጅ «ሁሉም ቋንቋ ያለበትን በፍላሽ እሰጥሻለሁ፣ የአማርኛ ትርጉሙንም አለኝ» ብሎኝ ነበር፤ አልተቀበልኩም። ታናሽ ወንድሜ በፊልም ሥራ መብራት ያዥ ሆኖ ሠርቷል። ሌሊት ሲንቀጠቀጡ የቀረጹት ፊልም ከሲኒማ ሳይወርድ በየፍላሹ ሲዞር አይቶ አንድ ሳምንት ሙሉ ቃል ሳይተነፍስ እንደቆየ አስታውሳለሁ። ስለዚህ የማንንም ላብ ሳልነካ፣ ዲስኩ ለምን እንደማይሠራ፣ ድምፁ እንዴት እንደሚቀየር፣ ለእናቴም አማርኛውን ከየት እንደማመጣ ብታስረዱኝ ውለታችሁ ከባድ ነው።

ጠጋኙ ከአዘዞ

እህቴ፣ ማጫወቻሽም ዲስኩም ደህና ናቸው፤ የማይገናኙት በተሠሩበት ክልል ምክንያት ነው። ዲቪዲ ሲወጣ ዓለም በቁጥር ተከፋፍሏል። ኢትዮጵያ እንደ ሕንድና እንደ አብዛኛው አፍሪካ 5ኛ ክልል ውስጥ ናት፤ እስራኤል ግን ከአውሮፓና ከመካከለኛው ምሥራቅ ጋር 2ኛ ክልል ውስጥ ናት። የ5ኛ ክልል ማጫወቻ የ2ኛውን ዲስክ እንዳያጫውት ሆኖ ነው የሚሠራው። ዲስኩ ሽፋን ጀርባ ላይ ትንሽ የሉል ሥዕል ፈልጊ፤ መካከሉ ላይ 2 የሚል ቁጥር ታገኛለሽ። ዜሮ ወይም «ሁሉም» የሚል ቢሆን ኖሮ የትም ይሠራ ነበር።

የዲስክ መክፈቻ ያለው ላፕቶፕ ካለሽ በቅንብሩ ውስጥ ክልሉን ወደ 2 መለወጥ ይቻላል፤ ይህም አምራቹ ራሱ ያስቀመጠው መንገድ ነው። ነገር ግን የሚፈቅደው 5 ጊዜ ብቻ ነው፤ ከዚያ በኋላ በመጨረሻው ምርጫ ላይ ይቆለፋል። ወደ ኋላና ወደ ፊት ሲመላለሱ ቆይተው ቆልፈውት ወደ እኔ የመጡ ሰዎች ስላሉ፣ አንድ ጊዜ ወደ 2 አድርጊና ክረምቱ እስኪያልፍ አትንኪው።

የቀሃ ልጅ

ጋሼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ሉሉን አገኘሁት፤ በእርግጥም 2 ይላል። የወንድሜን ላፕቶፕ ክልል ወደ 2 ለወጥኩት፤ ፊልሙም ተነሣ፤ ግን በእንግሊዝኛ ነው የሚናገረው።

ጠጋኙ ከአዘዞ

ከዲስኩ ማውጫ ውስጥ ቋንቋ የሚለውን ግቢና ምረጪ። ቪኤልሲ በሚባለው ነጻ የማጫወቻ ፕሮግራም የምታጫውቺ ከሆነ ደግሞ ፊልሙ እየሄደ የእንግሊዝኛዋን B ቁልፍ በተጫንሽ ቁጥር ወደሚቀጥለው የድምፅ ትራክ ያልፋል፤ የ V ቁልፍ የግርጌ ጽሑፉን ይለውጣል። አንድ ዲቪዲ እስከ 8 የድምፅ ትራክና እስከ 32 የግርጌ ጽሑፍ መያዝ ይችላል፤ የዲስኩ አሳታሚ ያልጨመረውን ቋንቋ ግን ማንኛውም ቁልፍ አያመጣውም። እኔ ዘንድ የሚመጡ ብዙ ሰዎች «አማርኛ አድርግልኝ» ብለው ዲስክ ያቀብሉኛል፤ ከውስጡ የሌለውን ከየት አመጣለሁ?

ዳሸን 44

ነገሩን አታክብዱት። እያንዳንዱ ፊልም ሁለት ሦስት ቋንቋ ተጭኖበት ከኢንተርኔት በነጻ ይወርዳል፤ «ትርጉም ፊልም» የሚለቁ የቴሌግራም ቻናሎችም ሞልተዋል። ለእናት ሲባል ማን ይከሳል?

ሕግ አጥኚ (ማራኪ)

ወንድሜ፣ ክስ ባይኖርም መብቱ አለ። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996፣ በአዋጅ ቁጥር 872/2007 እንደተሻሻለው፣ ለሥራው ባለቤት ከሚሰጣቸው ኢኮኖሚያዊ መብቶች መካከል ማባዛት፣ መተርጎም፣ ማሰራጨትና ለሕዝብ ማሳየት ይገኙበታል። ከእነዚህ ውስጥ ሰዎች የሚዘነጉት «መተርጎም» የሚለውን ነው። ብዙ ሰው አንድ ፊልም ላይ የአማርኛ ድምፅ ሲጨምር አዲስ ነገር የፈጠረ፣ እንዲያውም ለባለቤቱ ተመልካች ያበዛለት ይመስለዋል። ነገር ግን በማን ድምፅና በምን ጥራት እንደሚተረጎም፣ ወይም ጭራሹኑ እንዳይተረጎም የመወሰን ሥልጣን የባለቤቱ ነው። አንድ ሰው ማይክራፎን ይዞ የሁሉንም ተዋናይ ቃል በአንድ ድምፅ የሚተርክባቸው ፊልሞች ያለፈቃድ ከተሠራጩ ከዚህ ውጭ አይሆኑም፤ ተራኪው የቱንም ያህል ጎበዝ ቢሆን።

አዋጁ ለግል አገልግሎት አንድ ቅጂ ማባዛትን በሁኔታ ይፈቅዳል። ለጠያቂዋ የምለው ይህን ነው፦ እህትሽ የገዛችውን ዲስክ በቤትሽ ማጫወትሽ፣ ከእናትሽ አጠገብ ተቀምጠሽም የሚባለውን በቃልሽ መንገርሽ ማንንም አይጎዳም። ያንኑ ዲስክ ካፌ ውስጥ ለደንበኛ ብታሳዪበት ግን ለሕዝብ ማሳየት ስለሆነ ሌላ ፈቃድ ይጠይቃል። ትርጉሙን ቀርጸሽ ፋይል ላይ ለጥፈሽ ለጎረቤት ብታድዪውም እንደዚሁ ነው።

ሲኒማ ወዳድ

ፒያሳ ላይ ጣሊያን በሠራው ሲኒማ ቤት ፊልም እያየሁ ያደግሁ ሰው ስለሆንኩ ይህ ውይይት በጣም ነክቶኛል። በዚያ ዘመን ከእንግሊዝኛው አንድ ቃል ሳንይዝ፣ አንዱ «አሁን እኮ ወንድሙ መሆኑን አወቀ» ብሎ ሲያንሾካሹክ ረድፉ በሙሉ ወደ እሱ ያዘነብል ነበር። ለእናትዎ የሚያስፈልጋቸውም እንዲህ ዓይነት ሰው ነው ብዬ አስባለሁ፤ ይህ ግን ልጆቹን ይረብሻል።

ሕጋዊ ከሆኑት ውስጥ ደግሞ ጥቂቶቹን ልጠቁምዎ። በ2008 ዓ.ም ሥርጭት የጀመረው ቃና ቴሌቪዥን የውጭ ተከታታይ ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ በማቅረብ ይታወቃል፤ ለእናትዎ ይስማማል፤ ለልጆቹ ግን ዕብራይስጥ የለውም። ዲሽ ካለዎት የሪሲቨሩ ሪሞት ላይ ኦዲዮ የሚል ቁልፍ አለ፤ አንዳንድ ጣቢያዎች ከአንድ በላይ ድምፅ ስለሚልኩ መሞከሩ ጥሩ ነው። ዩቲዩብ ከ2023 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድ ቪዲዮ ብዙ የድምፅ ትራክ እንዲይዝ ፈቅዷል፤ የማርሽ ጥርስ የሚመስለውን የቅንብር ምልክት ነክተው የድምፅ ትራክ የሚለውን ማየት ነው። በ1979 እ.ኤ.አ. የተሠራው የኢየሱስ ፊልም ደግሞ ከ2,000 በሚበልጡ ቋንቋዎች፣ በአማርኛም ጭምር፣ በራሱ በአሠራጩ መተግበሪያ በነጻ ይታያል፤ አንድ ታሪክ በዚያን ያህል ቋንቋ መነገሩ ያስደንቀኛል።

ኔትፍሊክስ ከ2016 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ኢትዮጵያ ውስጥ ይሠራል። ቀድሞ ለቦታውና ለመለያው ቋንቋ ይቀርባሉ ያላቸውን ጥቂት ቋንቋዎች ብቻ ያሳይ ነበር፤ አሁንም ዕብራይስጥ ባያዩ የመለያውን ቋንቋ ወደ ዕብራይስጥ ቀይረው እንደገና ይመልከቱ። የእህትዎን መለያ ከጎንደር በቋሚነት መጠቀም ግን ደንባቸው አይፈቅድም፤ አንድ መለያ ለአንድ ቤት ኗሪዎች ነው ይላሉ።

የቀሃ ልጅ

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ትናንት ከዲስኮቹ አንዱን በዕብራይስጥ አድርጌ እኔ ከእናቴ ጎን ተቀምጬ በሹክሹክታ ተረጎምኩ። የእኔ ዕብራይስጥ የለም፤ ከእንግሊዝኛው የግርጌ ጽሑፍ እያነበብኩ ነው። ሩብ ሰዓት እንደሄድን ትንሹ ልጅ ጆሮውን ያዘ፤ እናቴም ጨዋ ስለሆነች «ይበቃል ልጄ፣ ጉሮሮሽን አትጉጂ፣ እነሱ ይዩ» ብላ ሬዲዮዋን አነሣች። እንዲህ እንዲሆን አልፈለግሁም ነበር።

ድምፅ አርታኢ (አዲስ አበባ)

ይህን ካነበብኩ በኋላ ዝም ማለት አልቻልኩም። እህቴ፣ ፊልሙን ይለውጡት። መተርጎምን ባለቤቶቹ ራሳቸው አስቀድመው የፈቀዱት ፊልም አለ። ብሌንደር ፋውንዴሽን በሶፍትዌሩ የሚሠራቸውን አጫጭር የአኒሜሽን ፊልሞች የሚለቅቀው ክሪኤቲቭ ኮመንስ በሚባለው ፈቃድ ነው፤ የሠሩትን ስም እስከጠሩና ምን እንደለወጡ እስከገለጹ ድረስ ማባዛት፣ መተርጎምና ለሕዝብ ማሳየት ይቻላል። በ2010 እ.ኤ.አ. የወጣው «ሲንቴል» 15 ደቂቃ ገደማ ነው፤ አንዲት ወጣት የጠፋባትን ትንሽ ዘንዶ ፍለጋ በበረዶና በበረሃ ስትንከራተት ያሳያል። ለሕፃን አይሆንም፤ ደምም ሐዘንም አለበት፤ ለ9 እና ለ12 ዓመት ግን አዋቂ አጠገባቸው ካለ ይሆናል ብዬ አስባለሁ። ከሁሉ የሚበልጠው ንግግሩ ጥቂት መሆኑ ነው፤ በአንድ ከሰዓት በኋላ ቀርጻችሁ ትጨርሱታላችሁ። አማርኛውን እርስዎ፣ ዕብራይስጡን ልጆቹ ራሳቸው ይናገሩት።

አሠራሩ እንዲህ ነው። የእንግሊዝኛውን የግርጌ ጽሑፍ ወስደው ይተርጉሙ፤ ሲተረጉሙ ግን ለአፍ እንጂ ለወረቀት አይጻፉ። የአማርኛ ግሥ መጨረሻ ላይ ስለሚመጣ ዓረፍተ ነገሩ ሳያልቅ የተናጋሪዋ አፍ ይዘጋል፤ ስለዚህ «ለረጅም ጊዜ ብቻዬን ሆኜ ስፈልገው ቆይቻለሁ» ከማለት «ብቻዬን ፈለግሁት፤ ብዙ ጊዜ» ማለት አፍ ላይ ይገጥማል። ቀረጻውን ምንጣፍና ብርድ ልብስ ባለበት ክፍል፣ ዝናቡ ጋብ ሲል አድርጉት፤ የቆርቆሮ ድምፅን ከቀረጻ ውስጥ ማውጣት እኔም በሥራዬ አይሳካልኝም። ለመቅጃና ለማረሚያ ኦዳሲቲ የሚባለው ፕሮግራም ነጻ ነው። ፊልሙ 5.1 በሚባለው፣ በስድስት ቻናል በተከፋፈለ ድምፅም ይገኛል፤ በእንዲህ ያለ ድምፅ ንግግሩ በአብዛኛው በመካከለኛው ቻናል ስለሚሄድ እሱን ዝቅ አድርጋችሁ ሙዚቃውን ሳትነኩ የራሳችሁን ድምፅ ማስቀመጥ ትችላላችሁ። ጨርሶ ግን አታጥፉት፤ የእግር ኮቴና እስትንፋስም እዚያው ሊኖሩ ይችላሉ።

በመጨረሻ ኤምኬቪቱልኒክስ በሚባለው ነጻ ፕሮግራም ሥዕሉንና ሦስቱን ድምፆች፣ የእንግሊዝኛውን፣ የአማርኛውንና የዕብራይስጡን፣ በአንድ የኤምኬቪ ፋይል ውስጥ ታስገባላችሁ። ኤምኬቪ እንደ መሶብ ነው፤ ወጡን እንደገና አይሠራም፣ አጠገብ ለአጠገብ ያስቀምጣል እንጂ፤ ስለዚህ ጥራት አይቀንስም፣ ጊዜም አይፈጅም። ለእያንዳንዱ ትራክ ቋንቋውን መሰየም አይርሱ፤ የአማርኛ መለያ ኤ-ኤም-ኤች፣ የዕብራይስጥ ኤች-ኢ-ቢ ነው። ካልሰየሙት ማጫወቻው «ትራክ 1፣ ትራክ 2» እያለ ያደናግራችኋል።

ሕግ አጥኚ (ማራኪ)

የፈቃዱን ጽሑፍ አንብቤዋለሁ፤ የተባለው ትክክል ነው። እንዲህ ያለውን ፊልም ከነአማርኛው ለትምህርት ቤት ወይም ለሰፈር ልጆች ብታሳዩም ችግር የለውም፤ የብሌንደር ፋውንዴሽንን ስምና የፈቃዱን ዓይነት መጥቀስ፣ ድምፁ በእናንተ የተጨመረ መሆኑንም መግለጽ ግን ግዴታ ነው።

የቀሃ ልጅ

ሦስት ቀን ፈጀብን፤ ግን ቀረጽን። ትልቋ ሲንቴልን በዕብራይስጥ ስትናገር ትንሹ የሽማግሌውን ድምፅ ለማውጣት አገጩን ደረቱ ላይ ለጥፎ ነበር። አማርኛውን እኔና ወንድሜ ተካፈልን። አሁን ግን ሁለት ችግር ገጠመን። የአማርኛው ድምፅ ከሥዕሉ ጋር ልክ ነው። የዕብራይስጡ ግን ሲጀምር ገጥሞ ቀስ በቀስ እየቀደመ ሄዶ መጨረሻ ላይ ከግማሽ ደቂቃ በላይ ይቀድማል። ፋይሉን በፍላሽ ቴሌቪዥኑ ላይ ስንሰካው ደግሞ ሥዕሉ ይመጣል፣ የእኛ ድምፅ የለም። ልጆቹ የቀረጹት ወንድሜ በዲስክ የጻፈውን በቴሌቪዥን እያዩ ነው፤ እኛ ግን ከላፕቶፕ ነበር። ይህ ለውጥ ያመጣል?

ድምፅ አርታኢ (አዲስ አበባ)

ምክንያቱን ራስዎ ነገሩኝ። ፊልሙ በሰከንድ 24 ሥዕል ነው የተሠራው፤ በእኛ አገር የቴሌቪዥን ሥርዓት ዲስክ ላይ ሲጻፍ ደግሞ ወደ 25 ይለወጣል፤ የወንድምዎ ፕሮግራም ይህን ያደረገው ፊልሙን 4 በመቶ ገደማ በማፍጠን ነው። በ15 ደቂቃ ላይ 36 ሰከንድ ያህል ይሆናል፤ በ90 ደቂቃ ፊልም ቢሆን ከሦስት ደቂቃ ተኩል ያልፍ ነበር። በየቤቱ ድምፅና ከንፈር የሚጣሉበት አንዱ ትልቅ ምክንያት ይህ ነው፤ የአንዱን ቅጂ ድምፅ ወስደው በሌላው ሥዕል ላይ ይለጥፉታል። መድኃኒቱ ቀላል ነው፦ ኦዳሲቲ ውስጥ የዕብራይስጡን ትራክ መርጠው ፍጥነቱን፣ የድምፁን ቅጥነት ሳይነኩ፣ በ4 በመቶ ይቀንሱ። ልጆቹን ዳግም አያስቀርጹ።

ከመጀመሪያው ጀምሮ እስከ መጨረሻው እኩል የሚቀድም ወይም የሚዘገይ ድምፅ ግን ሌላ ጉዳይ ነው፤ እሱ በቪኤልሲ የ J እና የ K ቁልፎች እየተጫኑ ይስተካከላል። እየሰፋ የሚሄደውን እነዚህ ቁልፎች አያድኑትም።

ጠጋኙ ከአዘዞ

የቴሌቪዥኑን ለእኔ ተዪው። ድምፃችሁን በምን ዓይነት የድምፅ ፋይል አስቀመጣችሁት? ፍላክ ወይም ኦግ ከሆነ ላፕቶፕ ሁሉንም ያነባል፤ ብዙ ቴሌቪዥኖች ግን በኤምኬቪ ውስጥ አያነቡትም፤ ዲቲኤስ የሚባለውንም የማይቀበሉ አሉ። ኤኤሲ ወደሚባለው የድምፅ ፋይል ዓይነት ቀይራችሁ እንደገና አስገቡት። ፍላሹ ፋት 32 በሚባለው የፋይል አደረጃጀት የተዘጋጀ ከሆነ ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ ፋይል አይቀበልም፤ የእናንተው ትንሽ ስለሆነ አያሰጋም። ሲሠራ በሪሞቱ ላይ ኦዲዮ ወይም ላንጉዌጅ የሚለውን ተጫኚ።

የቀሃ ልጅ

ቅዳሜ ከሰዓት አየነው። በምክራችሁ ኤኤሲ አደረግነው፤ ቴሌቪዥኑም ከመጀመሪያው ሙከራ ተናገረ። አማርኛው ከቴሌቪዥኑ ለእናቴ፣ ዕብራይስጡ ከስልክ በጆሮ ማዳመጫ ለልጆቹ እንዲሆን፣ ያንኑ ፋይል በስልኩ ቪኤልሲ ከፍተን «ሦስት፣ ሁለት፣ አንድ» ብለን እኩል አስነሣነው። ጥቂት ቢዘገይም ከስልኩ የድምፅ ማስተካከያ ላይ አቀራረብነው።

መጀመሪያ ላይ ወንድሜ «ፊልሙን የሠራው ብሌንደር ፋውንዴሽን ነው፤ የአማርኛውና የዕብራይስጡ ድምፅ በቤታችን የተጨመረ ነው» ብሎ የቀረጸውን ስትሰማ እናቴ ዞር ብላ አየችው። ከዚያ በኋላ አልዞረችም። ልጅቱ ዘንዶውን ስትፈልግ «ወየው፣ ብርዱ ይገድላታል» አለች፤ መጨረሻውን ስታይ ደግሞ ነጠላዋን ወደ ዓይኗ አስጠጋች። ልጆቹ ቀና ብለው እሷን ያዩ ነበር፤ ያዘነችበት ቦታ እነሱ ካዘኑበት ጋር አንድ መሆኑን አዩ።

ሲያልቅ «ሌላውን ድምፅ አምጡልኝ» አለች። «እማዬ፣ እሱ እኮ ዕብራይስጥ ነው፣ አይገባሽም» አልኳት። «የልጆቹ አይደለም? ታሪኩን እንደሆነ አውቄዋለሁ» አለችኝ። ኦዲዮ የሚለውን ተጫንኩ፤ 15 ደቂቃውን እንደገና ሰማችው፤ ትንሹ በሽማግሌ ድምፅ ሲናገር እጁን ይዛ ነበር።

የአማርኛውን ትራክ ብቻውን፣ ለ24 ሥዕል የተስተካከለውን፣ በዚያው በክሪኤቲቭ ኮመንስ ፈቃድ እዚህ አያይዣለሁ። ከፊልሙ ጋር አገናኝቶ ለእናቱም ሆነ ለሰፈሩ ልጆች ሊያሳይ የሚፈልግ ሁሉ ይውሰደው። ትግርኛ፣ ኦሮምኛ ወይም አገውኛ ልጨምር የሚል ቢኖር የተረጎምኩበትን ጽሑፍ ከነደቂቃውና ከነሰከንዱ እልክለታለሁ።